በደራሲው ስም የተደረደረ የድራማ ስብስብ፦ የሮናልድ ሙር ሥራዎች በባሕር ዳር

በባሕር ዳር ፊልም የሚጭኑ ሱቆች ያላቸውን የሚደረድሩት አብዛኛውን ጊዜ በአገር ነው፤ የሆሊውድ፣ የህንድ፣ የኮሪያ፣ የቱርክ እየተባለ። ከባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲው ፔዳ ግቢ ብዙም ሳይርቅ የሚገኝ አንድ ቤት ግን በዚህ ላይ ሌላ አደራደር ጨምሯል፤ ተከታታይ ድራማዎችን በጻፋቸውና በመራቸው ሰው ስም ሰብስቦ ፍላሽ ወይም ሃርድ ዲስክ ላይ ይጭናል። የቅጂ መብት ጥያቄ ስላለበት የቤቱን ስም አልጠቅስም። ይህ ግምገማ የሚመለከተው ከስብስቦቹ አንዱን ማለትም የአሜሪካዊውን የሳይንስ ልቦለድ ድራማ ደራሲና ፕሮዲዩሰር የሮናልድ ሙርን ነው።

የአደራደሩ ሐሳብ ጥሩ ነው። በቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማ ዳይሬክተሩ ከክፍል ወደ ክፍል ይለዋወጣል፤ ታሪኩ ወዴት እንደሚሄድ የሚወስነውና ሌሎቹን ጸሐፊዎች የሚያስተባብረው ዋናው ደራሲ ሲሆን፣ በአሜሪካ ይህ ሰው ብዙውን ጊዜ ፕሮዲዩሰርም ነው። ስለዚህ የአንድ ደራሲ ሥራ በተከታታይ ሲታይ ተዋንያንን በመከተል የማይገኝ ነገር ይገለጣል። በሙር ዘንድ ይህ ነገር፣ ዛሬ የደረሰ ጉዳት በሚቀጥለው ሳምንት ተረስቶ መቅረት የለበትም የሚል ግትርነት ነው።

ግትርነቱ ከመጀመሪያ ሥራው ይጀምራል። ለጠፈር ጉዞ ድራማው ለ«ስታር ትሬክ፦ ዘ ኔክስት ጄኔሬሽን» ማንም ሳያዝዘው የጻፈው ስክሪፕት እ.ኤ.አ. በ1989 ተቀርጾ የታየ ሲሆን፣ እናቱ በተልእኮ ላይ የሞተችበትን ልጅ ታሪክ ይተርካል። በዚህ ዓይነት ድራማ ስሙ እምብዛም የማይታወቅ የመርከብ ባልደረባ ሲሞት ታሪኩ አልፎት መሄዱ የተለመደ ነበር፤ ሙር ግን የቀረውን ልጅ ፊት ለፊት አምጥቶ ሐዘኑን የክፍሉ ዋና ጉዳይ አደረገው። ከብራነን ብራጋ ጋር የጻፈው የ1994ቱ የድራማው መዝጊያ ለሳይንስ ልቦለድ ሥራዎች የሚሰጠውን የሂውጎ ሽልማት አግኝቷል፤ በዚያው ዓመት ሁለቱ ለሲኒማ የጻፉት ፊልም ግን፣ በእኔ ሚዛን፣ ከመዝጊያው በእጅጉ ያንሳል። ቀጥሎ በሌላ የስታር ትሬክ ድራማ፣ በ«ዲፕ ስፔስ ናይን»፣ እስከ ፍጻሜው እስከ 1999 ሠራ። ከዚያም የስታር ትሬክ ድራማ ወደሆነው ወደ «ቮዬጀር» ተዛውሮ ብዙም ሳይቆይ ለቀቀ፤ ከአገሯ እጅግ ርቃ የጠፋች መርከብ በየሳምንቱ ምንም እንዳልነካት ሆና መታየቷንም በኋላ በግልጽ ተችቷል።

«ባትልስታር ጋላክቲካ» ለዚያ ትችት የተሰጠ የተግባር መልስ ይመስለኛል። ግሌን ላርሰን እ.ኤ.አ. በ1978 የፈጠረውን ድራማ ሙር ከዴቪድ አይክ ጋር እንደገና ሠራው፤ በ2003 በሁለት ክፍል ከቀረበው መክፈቻ በኋላ እስከ 2009 ለአራት ሲዝን ዘልቋል። ከጥፋት የተረፉት ሃምሳ ሺህ ያህል ሰዎች ብቻ ናቸው፤ ቁጥራቸውም አንድ ሰው በሞተ ቁጥር ይቀንሳል። ውኃ ያልቃል፣ ነዳጅ ያጥራል፣ ወታደራዊ አዛዡና ሲቪሏ ፕሬዚዳንት በሥልጣን ወሰን ይጋጫሉ። «33» የተሰኘው የመጀመሪያው መደበኛ ክፍል ጠላት በየ33 ደቂቃው እየመጣ ለቀናት እንቅልፍ ስላሳጣቸው ሰዎች ነው፤ በጠፈር ላይ ከተሠሩ ድራማዎች ሁሉ የሰውን ድካም እንዲህ አድርጎ ያሳየኝ የለም።

የቤቱ ዋና ጉድለት የሚታየውም እዚሁ ላይ ነው። የ2003ቱ መክፈቻ እንደ ፊልም ስለተቆጠረ «ነጠላ ፊልሞች» በሚለው ፎልደር ተቀምጧል፤ በሙር ስም የተሰበሰበውን ብቻ ያስጫነ ሰው ከ«33» ይጀምራል፣ ሰዎቹ ከምን እንደሸሹና ለምን እንደሚሸሹም ሳይገባው ይቀራል። ይህን ለጫኚው ወጣት ባነሣለት «ጋሼ፣ ደንበኛው የሚጠይቀኝ እኮ ሲዝን አንድ ክፍል አንድ ብሎ ነው» አለኝ። መልሱ እውነት ነው፤ ሆኖም በደራሲ ስም እደረድራለሁ ያለ ቤት ከደንበኛው ቀድሞ ይህን ማወቅ ይጠበቅበታል።

ሌላው ጉድለት ለሙር ከሠራው በላይ መስጠቱ ነው። «ሮዝዌል» ሦስቱም ሲዝን በስሙ ተጭኗል፤ ድራማውን ለቴሌቪዥን ያዘጋጀው ግን ጄሰን ካቲምስ ነው፣ ሙር የገባው ከሁለተኛው ሲዝን ነው። «ካርኒቫል» የዳንኤል ናውፍ ፈጠራ ነው። ከዳያና ጋባልደን ልቦለዶች የተወሰደውን «አውትላንደር» በ2014 አስጀምሮ መርቶታል፤ በኋላ ግን መሪነቱን ለሌላ አስረክቧል። ሶቪየቶች ጨረቃ ላይ ቀድመው ቢወርዱ ኖሮ ከሚል መነሻ የሚጀምረው የ2019ኙ «ፎር ኦል ማንካይንድ» ደግሞ ከሌሎች ሁለት ሰዎች ጋር የፈጠረው ነው።

የጭነቱ ጥራት ደህና ነው። ምስሉ ጥርት ያለ ነው፤ ሰብታይትሉ ግን በ«ዲፕ ስፔስ ናይን» የመጀመሪያ ሲዝን ላይ በአንድ ክፍል ይዛነፋል፤ ምክንያቱም ረጅሙ የመክፈቻ ክፍል በአንዱ ፋይል አንድ፣ በሌላው ሁለት ተብሎ ተቆጥሯል። ክፍያው በሲዝን መሆኑ በጊጋ ከሚያስከፍሉት ይልቅ ግልጽ ነው።

የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ያለ ባለመብቱ ፈቃድ አባዝቶ መሸጥን ይከለክላል። ከሌሎቹ ሱቆች ይልቅ በዚህ ቤት ነገሩ ዓይን ይወጋል፤ ፎልደሩ ላይ ስሙ በትልቁ የተጻፈው ደራሲ ከሽያጩ አንዲት ሳንቲም አያገኝምና። ሕጋዊ የኢንተርኔት አገልግሎት ለመክፈል የውጭ ምንዛሪ ካርድ ያለው ሰው እዚያው ቢከፍል ይሻላል።

ያም ሆኖ ለማስጫን የሚሄድ ሰው ፍላሹን አስቀድሞ ይመልከት፤ ፋት 32 (FAT32) በሚባለው የፋይል አያያዝ ሥርዓት የተዘጋጀ ከሆነ ከ4 ጊጋ በላይ የሆነ ፋይል አይቀበልም፣ ሦስት ሰዓት የሚጠጋው የ2003ቱ መክፈቻም በከፍተኛ ጥራት ከዚያ ሊበልጥ ይችላል። ዝቅ ያለ ጥራት ያለው ቅጂ ቤቱ ውስጥ ስላለ በስሙ ጠይቆ መጀመሪያ እሱን ማስጫን ነው።