የሶንግ ካንግ-ሆ ፊልሞች በኮዬ ፈጬዋ ፊልም መጫኛ ቤት

ኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም፣ ከታክሲ ተራው ጀርባ ያለችው ፊልም መጫኛ ቤት የኮሪያ ፊልሞችን በተዋናይ ስም ለይታ ታስቀምጣለች። ከሁሉም የተሟላው የሶንግ ካንግ-ሆ ፎልደር ነው፤ ከ1997ቱ «ነምበር ስሪ» እስከ 2022ቱ «ብሮከር» ይዘልቃል (ዓመቶቹ በፈረንጆች ናቸው)። ሶንግ በ«ብሮከር» በካን ፌስቲቫል ምርጥ ወንድ ተዋናይ ተብሏል፤ ከኮሪያ ወንዶች የመጀመሪያው ነው።

ቤቷ ሁለት ዓይነት ትጭናለች፤ አማርኛ ትርጉም የተደረበበትን እና ዋናውን ድምፅ ከእንግሊዝኛ ሰብታይትል ጋር። ሁለተኛውን ጠይቁ። ሶንግ በ1967 ጊምሄ ተወልዶ ከቲያትር መድረክ የመጣ ሰው ነው፤ መልኩ የጎረቤት መልክ ነው፣ ኃይሉ ያለው ንግግሩ ላይ ነው። «ነምበር ስሪ» ላይ ሲናደድ የሚንተባተበው የወሮበሎች አለቃ በተርጓሚ ድምፅ ከተሸፈነ የቀረው ተራ ድብድብ ነው። «ስኖውፒርሰር» ደግሞ ያለ ሰብታይትል ከተጫነ አብዛኞቹ እንግሊዝኛ ሲያወሩ እሱ በኮሪያኛ የሚናገረው ሳይገባችሁ ያልቃል።

ሳትከፍሉ በፊት «ሜሞሪስ ኦፍ መርደር»ን (2003) እዚያው ከፍታችሁ ወደ መጨረሻው አሳልፉት። ርዝመቱ 2 ሰዓት ከ10 ደቂቃ ገደማ መሆን አለበት። የቤቷ ኮፒ መጨረሻው ተቆርጧል፤ የጎደለው መርማሪውን የሚጫወተው ሶንግ ከዓመታት በኋላ አስከሬን ወደተገኘበት ቦታ ተመልሶ ፊት ለፊት ካሜራውን የሚያይበት ነው። ፊልሙ በእውነተኛ ግድያዎች ላይ የተመሠረተ ነው፤ ሲሠራ ገዳዩ ገና አልታወቀም ነበር፤ ማንነቱ የተለየው በ2019 ነው። ያ ወደ ካሜራው የሚያይበት ትዕይንት ከሌለ ፊልሙ አላለቀም፤ ሌላ ኮፒ እንዲያመጡላችሁ ጠይቁ።

ሌላው ችግር ከሪሲቨር ጋር ነው። ቦታ ለመቆጠብ ኤች 265 በሚባለው የቪዲዮ መጭመቂያ ዘዴ የተጨመቁትን ፋይሎች አሮጌ ሪሲቨር ድምፃቸውን እያሰማ ምስል አያሳይም። የቀደመውን ዘዴ፣ ኤች 264 በሉ፤ ይከብዳል፣ ግን ይከፍታል። ፍላሹ በፋት 32 ፎርማት ከተደረገ ደግሞ ከ4 ጂቢ በላይ የሆነ ፋይል አይቀበልም። የሰብታይትሉ ፋይል ስም ከፊልሙ ስም ጋር በፊደል ካልገጠመ ብዙ ሪሲቨሮች አያወጡትም፤ ልጆቹ በችኮላ የሚረሱት ይህንን ነው።

ለጀማሪ ከ«ፓራሳይት» በፊት «ኤ ታክሲ ድራይቨር»ን (2017) አስጭኑ። በ1980 ጀርመናዊ ጋዜጠኛን ለክፍያ ብሎ ወደ ጓንግጁ የወሰደ ሹፌር ነው፤ ስለ ቤት ኪራይ ውዝፍ የሚጨነቅበትን ሁኔታ የኛ ሰፈር ታክሲ ነጂ ወዲያው ያውቀዋል። ቀጥሎ «ጆይንት ሴኪውሪቲ ኤሪያ» (2000)፤ እዚህ የሰሜን ኮሪያ ወታደር ሆኖ የሚቆምበት ፓንሙንጆም፣ ቃኘው ሻለቃ የዘመተበት ጦርነት የተኩስ አቁም የተፈረመበት ስፍራ ነው።

የሚያስቆጨው «ሲክሬት ሰንሻይን» (2007) ከፎልደሩ መጥፋቱ ነው። እዚያ ሶንግ ጋራዥ ያለው፣ የሚወዳትን ሴት ከኋላ ከኋላ የሚከተል ሰው ነው፤ መድረኩን ሁሉ ለጆን ዶ-ዮን ለቆላት እሷ በካን ተሸለመችበት።