ከግሉተን ነፃ የዶናት ዱቄት፦ ሦስቴ ሰርቼበት ያየሁት

ልጄ ሴሊያክ (ግሉተን የሚባለው የስንዴ ፕሮቲን አንጀትን የሚጎዳበት በሽታ) ስላለባት ስንዴ አትነካም፣ ዶናት ስትወድ ግን ለጉድ ነው፣ እና ይሄንን ከግሉተን ነፃ የሆነ ድብልቅ ዱቄት ገዝቼ ሦስቴ ሰራሁበት። ውስጡ የሩዝ ዱቄት፣ የታፒዮካ (ከካሳቫ ሥር የሚወጣ) ስታርችና ዛንታን ገም አለው፣ ይሄ ዛንታን ገም ነው እንግዲህ በግሉተን ፈንታ ሊጡን አያይዞ የሚያቆመው። የመጀመሪያ ቀን ካርቶኑ ላይ እንደተፃፈው ወዲያው ጠበስኩት፣ አፍ ውስጥ አሸዋ አሸዋ አለ። ሁለተኛ ቀን የሩዙ ዱቄት ውሃውን እስኪጠጣ ሊጡን 30 ደቂቃ አሳረፍኩት፣ በቃ ሌላ ነገር ሆነ! ሊጡ ይጣበቃል፣ እጃችሁን ዘይት ቀቡት እንጂ ዱቄት አትጨምሩ ይደርቅባችኋል። ዘይቱ 180 ዲግሪ አካባቢ ይሁን፣ ቀዝቀዝ ካለ ዶናቱ ዘይት ይመጥጣል። ስንዴ የተጠበሰበትን ዘይት ደግሞ በፍፁም እንዳትጠቀሙ፣ ልፋታችሁ ሁሉ ገደል ይገባል። ለግሌዙ (ላዩን ለሚሸፍነው የስኳር ቅብ) የላመ ስኳር በትንሽ ወተት በጥብጬ ዶናቱ ሞቅ እንዳለ ነከርኩት፣ ሲደርቅ ስስ መስታወት መስሎ ሲነከስ ስንጥቅ ይላል። ቅሬታዬ በማግስቱ መድረቁ ነው፣ በተሰራበት ቀን ብሉት። ልጄ ጣቷን እየላሰች ሁለተኛውን ስታነሳ አይቻለሁ፣ ደግሜ እገዛዋለሁ።