ባንኮክን ማታ በቱክቱክ፦ የጣናው አስጎብኚ ተጎብኚ የሆነበት ምሽት

ሰላም ያገሬ ልጆች። ከባንኮክ ከመጣሁ ወዲህ ጀልባ መነሻው ላይ ያገኘኝ ሁሉ "እሺ ያ የማታ ጉብኝት እንዴት ነበር፣ ገንዘቡን ያወጣል ወይ" እያለ ስለሚይዘኝ አንዴ ጽፌ ልገላገል ብዬ ነው። ባጭሩ ያወጣል፣ ግን የሚያወጣው እነሱ ማስታወቂያቸው ላይ በትልቁ በለጠፉት ነገር አይደለም።

ለሽርሽር አልነበረም የሄድነው። ጥር 2017 ላይ ጥምቀት እንዳለፈ ታላቅ ወንድሜን ለቼክአፕ ይዤው ሄድኩ፣ ውጤቱ ሁለት ቀን ይቆያል ሲሉን ሆቴል ቁጭ ብለን ግድግዳ ላይ ከምናፈጥ ብዬ ኦንላይን ገብቼ የማታ የቱክቱክ ጉብኝት ቡክ አደረኩ። አራት ሰዓት ይፈጃል፣ በሰው 1,900 ባህት። በብር ስንት እንደሆነ ለጋሼ አልነገርኩትም፣ እስካሁንም አያውቅም፣ እናንተም ዝም በሉ። የድርጅቱን ስም አልጠራም፣ የማማርረው ነገር ስላለኝና እኔም በዚሁ ሙያ እንጀራ የምበላ ስለሆንኩ ነውር ይመስለኛል።

እንደምታውቁኝ ሥራዬ ጣና ላይ እንግዳ በጀልባ ዘጌና እንጦስ ገዳማት ማመላለስ ነው። ስለዚህ ሰው ሲያስጎበኝ ዝም ብዬ ማየት አልችልም፣ ጋይዷ የት ድምጿን ከፍ እንዳደረገች፣ የት እንደዘለለች፣ የትኛው ሱቅ ጋ አውቃ እንደቆመች እየቆጠርኩ ነው የዞርኩት። ሱቅ ጋ አልቆመችም ደግሞ! እሱን ከአሁኑ ልመስክርላት። እኛ ዘጌ ላይ እንግዳውን መጀመሪያ መነኩሴው ጋ ነው ወይስ መስቀል ሻጩ ጋ ነው የምንወስደው የሚለውን እዚህ አናንሳው።

ቲኬቱ ላይ 7:00 ይላል። ጋሼ መነጽሩን ዝቅ አድርጎ አየውና "ከሌሊቱ ሰባት ሰዓት? የጅብ ጉብኝት ነው እንዴ?" አለኝ። "የፈረንጅ ሰባት ነው ጋሼ፣ በኛ ምሽት አንድ" ብዬ አስረዳሁት። ይሄንን ለጋይዷ ስነግራት ሳቅ አለችና እነሱም በድሮው አቆጣጠር እንደኛ መሆናቸውን ነገረችኝ፣ ማታ የፈረንጅ ሰባት ሲሆን "ኑንግ ቱም" ይላሉ፣ አንድ እንደማለት፣ ስምንት ሲሆን "ሶንግ ቱም" ሁለት፣ እንዲህ እያለ እስከ ምሽቱ አምስት ድረስ ከኛ ሰዓት ጋር እኩል ይሄዳል፣ ገበያና ቤት ውስጥ አሁንም በዚህ ነው የሚያወሩት። ጋሼ ስተረጉምለት "ሰው ናቸው እኮ" አለ። ዓመቱ ላይ ግን አልተገናኘንም፣ ደረሰኙ ላይ የተጻፈው 2568 ነው፣ በቡድሃ አቆጣጠር ከፈረንጁ 543 ዓመት ይቀድማሉ። እኛ በ2017 ተነስተን በአንድ ሌሊት በረራ 551 ዓመት አረጀን ማለት ነው።

ሰባት ነበርን፣ አራት ቱክቱክ፣ ሁለት ሁለት ሰው። ባጃጅ ነው በቃ፣ ግን ባጃጅ ሰርግ ቢሄድ እንደዛ ነው የሚለብሰው፣ ጣሪያው ሥር ሰማያዊና ሐምራዊ መብራት፣ ወንበሩ የቆዳ፣ መስተዋቱ ላይ የአበባ ጉንጉን ተንጠልጥሏል። ዘሩ ከጃፓን ነው፣ ዳይሃትሱ ሚድጄት ከምትባል ሦስት እግር መኪና፣ ስሙን ያወጣለት የሞተሩ ድምፅ ነው ይላሉ። ሹፌራችን ሽበታም ሰውዬ ነው፣ ጋይዷ "ሉንግ" ትለዋለች፣ አጎቴ እንደማለት። በስሙ አትጠራውም፣ ይሄም ደስ አለኝ።

አነዳዱ ግን! እዛ አገር በግራ ነው የሚነዳው፣ ጋሼ ደግሞ ዕድሜ ልኩን መኪና ሥር ተኝቶ የኖረ መካኒክ ነው፣ እያንዳንዱ መታጠፊያ ላይ በሌለ ፍሬን እግሩን እየረገጠ "ኧረ በስህተት ገባ፣ ኧረ መጡብን" እያለ ወደ እኔ ሲጠጋ ሲጠጋ ልወድቅ ምንም አልቀረኝ። ነፋሱ ደስ ይላል፣ ሙቀቱ ማታም አይለቅማ። ሁለት ቅሬታ ግን አለኝ። አንደኛ ጣሪያው ዝቅ ያለ ነው፣ እኔ ረጅም ስለሆንኩ የሚበራውን ሕንጻና ቤተ መቅደስ ለማየት አንገቴን እንደ ዳክዬ ማውጣት ነበረብኝ። መጀመሪያ በፈረንጅ 1784 የተተከለውን ያንን ቀይ ትልቅ ዥዋዥዌ እግሮቹን ብቻ አይቼ ነው ያለፍኩት። ሁለተኛ ጋይዷ ያለችው አንዱ ቱክቱክ ላይ ብቻ ነው፣ ስትሄዱ ማንም ምንም አይነግራችሁም፣ የቀራችሁት ዝም ብላችሁ በመብራት መሃል መወርወር ነው። ጀልባ ላይ ቢያንስ ሁሉም ይሰማል።

መጀመሪያ የቆምነው ዋት ፖ የሚባል ቤተ መቅደስ ነው። በር ላይ ጋሼ ተገትሮ ቀረ። "እኔ ጣዖት ቤት አልገባም፣ አንተ ግባ፣ እኔ ከሰውዬው ጋር እቆያለሁ" አለ፣ አልተከራከርኩትም። ውስጡ ማታ ባዶ ነው፣ ቀን ሰው የሚጋፋበት ግቢ ውስጥ የኛ ኮቴና ድመቶች ብቻ፣ በሸክላ ስባሪ አበባ የተለበጡት ሾጣጣ ማማዎች መብራት ከሥር ሲያገኛቸው ጌጡ አንድ በአንድ ይቆጠራል። አንድ ነገር ግን ቡክ ከማድረጋችሁ በፊት እወቁ፣ 46 ሜትር የሚረዝመው የተኛው ቡድሃ ያለበት አዳራሽ ተቆልፎ ነበር። ማስታወቂያቸው ላይ ግን ፎቶው አለ። እሱን ለማየት ከሆነ ቀን ሂዱ። ጋይዷ እዚህ ጋ ስለ ነገሥታቱ ብዙ አወራች፣ ንጉሥ ቀዳማዊ ራማ በፈረንጅ 1782 ዋና ከተማውን ወደዚህ ሲያመጣ ምናምን፣ ጥሩ ነው ግን ረዘመ፣ ከሰባታችን ሦስቱ ስልካቸውን አወጡ። ይሄንን ምልክት አውቀዋለሁ፣ ኡራ ኪዳነ ምሕረት ሥዕሎቹ ጋ ስደርስ እኔንም ያጋጥመኛል።

ስወጣ ጋሼና ሉንግ የቱክቱኩን መቀመጫ አንስተው፣ ጋሼ በስልኩ መብራት እያበራ፣ ሉንግ በጨርቅ እያበሰ ሞተሩን ያሳየዋል። አንድ ቃል አይግባቡም። ጋሼ በጣቱ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት ብሎ ሲሊንደሩን ሲቆጥር ሰውዬው ራሱን ይነቀንቃል፣ ከዛ ከኋላ ያለውን የጋዝ ሲሊንደር አሳየው፣ ቤት ወጥ የምንሠራበት ጋዝ ዓይነት፣ በእሱ ነው የሚሄደው። "አንተ ልጅ፣ ይሄ ሰውዬ ካርቡሬተሩን ራሱ ነው የሚፈታው" አለኝ፣ ሰው እንዲህ ደስ ሲለው ካየሁት ቆይቻለሁ። የጉብኝቱ ፕሮግራም ላይ የሌለ ነገር ነው። ከዛ በኋላ ፍሬን መርገጡንም ተወ።

ቀጥሎ ወንዙ ዳር ያለው ወደብ። የተመደበው አሥር ደቂቃ ነው። ማዶ ዋት አሩን አለ፣ የንጋት ቤተ መቅደስ ማለት ነው ስሙ፣ ግን ማታ ነው አምሮበት ያየሁት፣ ቢጫ መብራቱ ቻኦ ፕራያ ወንዝ ላይ ተዘርግቶ ጀልባ ባለፈ ቁጥር ይሰባበርና ተመልሶ ይገጥማል። ሁሉም ወደ ላይ ፎቶ ሲያነሳ እኔ በልማድ ወደ ውሃው አየሁ፣ ጀልባ ያለው ሰው መጀመሪያ ውሃ ነው የሚያየው። አንድ ጉማጅ አረንጓዴ ነገር እየተንሳፈፈ ይመጣል። ክብ ክብ ቅጠል፣ አንገቱ ጋ ያበጠ። ቀና ስል ከኋላው ሌላ፣ ከዛ ሌላ።

"ጋሼ፣ ና እስቲ ይሄንን እየው።"

ጎንበስ አለ። "እምቦጭ!" ብሎ ጮኸ፣ አብረውን የሚጎበኙት ጀርመኖች ሁሉ ዞሩ።

እምቦጭ ነው። ራሱ ነው። በ2010 እጃችን እስኪላጥ፣ ደረታችን ድረስ ውሃ ውስጥ ገብተን የነቀልነው እምቦጭ፣ ባንኮክ መሃል በመብራት ተንቆጥቁጦ ሽርሽር ይሄዳል። ጋይዷን ጠየቅኳት፣ እውነት ለመናገር አታውቅም ብዬ ነበር፣ የቤተ መቅደስ ጋይድ ስለ አረም ምን ያውቃል። አወቀች። በፈረንጅ 1901 ነው ከጃቫ የመጣው፣ አበባው ስላማረ ብለው አምጥተውት፣ ከዛ ከቁጥጥር ወጣ፣ ስሙ ራሱ "ፓክ ቶፕ ቻዋ" ነው፣ ቻዋ ማለት ጃቫ። መንግሥት በማሽን ጀልባ ይሰበስበዋል፣ አያልቅም፣ ሕዝቡ ደግሞ ግንዱን አድርቆ ቅርጫት፣ ቦርሳ፣ ወንበር ሳይቀር ይሠራበታል አለችኝ። ከመቶ ዓመት በላይ! እኛ ጣና ላይ ካየነው ገና ከ2004 ወዲህ ነው። እሷ እያወራች ረዳቷ "ሰዓት ሄደ፣ ሰዓት ሄደ" እያለ ሰዉን ይነዳል፣ እኔ እዛ ጋ ሙሉ ሰዓት ብቆም አልጠግብም ነበር።

በጣም የተናደድኩት ከዛ በኋላ ነው። ከወንዙ አጣድፈውን የወሰዱን ሩፍቶፕ ባር ነው፣ ሠላሳ አምስት ደቂቃ፣ መጠጡ በራሳችሁ ሂሳብ፣ እይታው ያው ቅድም ከወንዙ ዳር በነጻ ያየነው ዋት አሩን። ጋሼ አንድ ውሃ ጠጣና ሂሳቡን ሲያይ "ይሄ ውሃ ጸበል ነው?" አለ። እንግዲህ ኮሚሽን ይሁን ምን ይሁን እነሱ ያውቃሉ።

ምግቡን ለጾመኛ ስል በደንብ ልንገራችሁ። ቀኑ እሮብ ነበር፣ ቡክ ሳደርግ ሥጋ፣ ወተት፣ እንቁላል እንደማንበላ ጽፌያለሁ። የመጀመሪያው ቤት ያመጡልን ፓድ ታይ ግን ከነእንቁላሉና ከነሽሪምፑ ነው፣ የሩዝ ኑድል በተምር ሂንዲ ጎምዘዝ ያለ፣ ኦቾሎኒ ከላይ፣ ሽታው እንኳ ያጠግባል፣ ጋሼ ሳህኑን በአንድ ጣት ገፋ አደረገው። የሥጋ ነገር የሌለበትም ቢሆን የዓሳ ሶስ የማይነካው የለም። (ዓሳ ጾም ነው አይደለም የሚለውን እዚህ እንዳትጀምሩብኝ፣ ጣና ዳር የተጀመረ እንደሆነ አያልቅም። እኔ እበላለሁ፣ ጋሼ አይበላም፣ በቃ።) ጋይዷ ደንግጣ ይቅርታ ጠየቀችና ያዎራት ስንደርስ፣ የቻይኖቹ ሰፈር ማለት ነው፣ እጄን ይዛ ቢጫ ባንዲራ ያለበት ጋሪ ጋ ወሰደችን። ይሄንን ያዙ፦ ቢጫ ጨርቅ ላይ በቀይ 17 የሚመስል ፊደል ካያችሁ "ጄ" ማለት ነው፣ ሥጋ የለ፣ እንቁላል የለ፣ ወተት የለ፣ ዓሳም የለ፣ ሽንኩርትና ነጭ ሽንኩርት ሳይቀር አይገባበትም። ከኛም ጾም ይጠብቃል! ጋሼ ቶፉ፣ ከአኩሪ አተር የሚሠራ ነው፣ በእንጉዳይ ሁለት ሳህን በላ። ከዛ ማንጎ በሩዝ መጣ፣ የሚጣበቅ ሩዝ በኮኮናት ወተት፣ እሱም ጾም ነው። "የፎገራ ሩዝና የኛ ማንጎ እያለ ይሄንን ያላሰብን ምን ነክቶን ነው" አለ አፉ ሞልቶ። ያዎራት ራሱ ከልክ በላይ ሰው ነው፣ የቻይኖቹ አዲስ ዓመት ሳምንት ስለቀረው ቀይ ፋኖስ እየሰቀሉ ነበር፣ ወርቅ ቤቶቹ፣ ዱሪያን የሚሉት ፍሬ ሽታ፣ የመኪና ጥሩምባ፣ አልወደድኩትም።

የአበባ ገበያውን መጨረሻ ላይ ነው የወሰዱን፣ ፓክ ክሎንግ ታላት፣ ሃያ አራት ሰዓት አይዘጋም፣ ሌሊት ነው ደግሞ የሚሞቀው ምክንያቱም ከገጠር የጫኑ መኪኖች የሚገቡት ያኔ ነው። ቢጫ አበባ በጆንያ በጆንያ ተቆልሎ ሳየው መስከረም ላይ አደይ ሜዳ የገባሁ መሰለኝ። አንዲት እናት በርጩማ ላይ ተቀምጠው ያልፈካ የሎተስ እንቡጥ ይዘው ቅጠሉን በአውራ ጣት ወደ ውስጥ እያጠፉ ጽጌረዳ ያስመስሉታል፣ እጃቸው አያይም፣ ዓይናቸው ቴሌቪዥን ላይ ነው። ጋይዷ ለእያንዳንዳችን አንድ አንድ ሰጠችን፣ የኔ ተቀደደ፣ የጋሼ ግን የመካኒክ እጅ ነውና ሠራው። እዚህም የተሰጠን ሩብ ሰዓት ነው። ሩብ ሰዓት!

ስለዚህ ከአምስት ሦስት ተኩል እሰጣቸዋለሁ፣ ጋይዷና ሉንግ ለብቻቸው አምስት። ከሄዳችሁ ቀድማችሁ ጻፉላቸው፣ ሩፍቶፑን ትተን ያንን ጊዜ ወንዙና አበባው ጋ ስጡን በሉ፣ ጥቂት ሰው ከሆናችሁ እሺ ይላሉ ብላኛለች ጋይዷ ራሷ። ሹፌሩን መጨረሻ ላይ በእጃችሁ ጉርሻ ስጡት፣ ጋሼ ከኔ ደብቆ ስንት እንደሰጠው እንጃ፣ ሰውዬው ሁለት እጁን አጣምሮ ጎንበስ ሲል ጋሼም እኩል ጎንበስ አለ።

በማግስቱ ገበያ ወጥቼ የእምቦጭ ቅርጫት ፈልጌ ገዛሁ፣ ትንሽ፣ ክዳን ያላት። አመጣሁና ጣና ዳር ከደንገል ታንኳ ለሚሠሩት አባባ አሳየኋቸው። አገላብጠው አዩት፣ አሸተቱት፣ "ያ እርጉም ነው ይሄ?" አሉኝ፣ አዎ ስል አንዷን ክር በጥርሳቸው ፈታ አድርገው ከደንገላቸው ጎን ውሃ ውስጥ ነከሯት፣ ስንት ቀን እንደምትቆይ ልየው ብለው። ቅርጫቱ እስካሁን እሳቸው ጋ ነው።