ማሚቶ ብዕር፦ ክረምትም በጋም ከተጻፈበት በኋላ

ማሚቶ ብዕርን፣ የገደል ማሚቶ የተያዘበትን ብዕር፣ በገዛ ሰሞን የማያሞግስ የለም። ሲናገሩ ይጽፋል፣ እጅ አያደክምም፣ በቃ። ወራት ሲያልፉ ግን ወሬው ይለወጣል፦ «ማሚቶው ሰነፈ»፣ «የሞተ ገደል ሸጡልኝ»። ክረምትም በጋም ጽፌበታለሁ፤ ከዚህ ወቀሳ አብዛኛው የሚገባው ለማሚቶው ሳይሆን ለቀለሙ፣ ለሰሙና ለሚጻፍበት ቤት ነው።

ዕቃው ሦስት ክፍል አለው። ከታች እንደማንኛውም ብዕር የተቀረጸ መቃ፣ ከላይ ማሚቶው የተያዘበት የቀንድ ቆብ፣ መሃል ላይ የሰም ውታፍ። የተነገረው ቃል ቆቡ ውስጥ ገብቶ ገደል ደርሶ የመመለስን ያህል ይቆይና መቃው ይጽፈዋል። ስለዚህ ሲገዙ መጀመሪያ መጠየቅ ያለበት የቀንዱ ጌጥ ሳይሆን ማሚቶው ከገደሉ በስንት ሜትር ርቀት እንደተያዘ ነው። ድምፅ በሰከንድ 340 ሜትር ገደማ ስለሚጓዝ 170 ሜትር ላይ የተያዘ ማሚቶ ደርሶ መልሱ አንድ ሰከንድ ይፈጅበታል። ከ17 ሜትር በታች የተያዘውን በነፃ ቢሰጧችሁ እንኳ አትውሰዱ፤ መልሱ ከተናጋሪው ድምፅ ሳይለይ ስለሚደርስ ፊደሉ አንዱ ባንዱ ላይ ይደራረባል።

ርቀቱ ሲበዛ ደግሞ ሌላ ጣጣ ያመጣል። 500 ሜትር ላይ የተያዘ ብዕር ሦስት ሰከንድ ያህል ስለሚዘገይ ረጅም ዓረፍተ ነገር ይሸከማል፤ ነገር ግን ቀጫጭን ድምፆችን አየሩና የገደሉ ቁጥቋጦ በመንገድ ይውጧቸዋል። «ፈረስ ግዛልኝ» ሲባል «ፈረ ግዛልኝ» ብሎ ይጽፋል። ስ እና ሽ ቃል መጨረሻ ላይ ሲመጡ በብዛት የሚጎድሉት ለዚህ ነው። ለዕለት ሥራ ከ150 እስከ 200 ሜትር ላይ፣ ቁጥቋጦ ከሌለበት ድንጋይ የተያዘ ይበቃል።

ብርድ ሲመጣ ብዕሩ ይንቀራፈፋል፤ «ማሚቶውን በረደው» የሚባለውም ያኔ ነው። ድምፅ በቀዝቃዛ አየር ዝግ ማለቱ እውነት ነው። ግን 20 ዲግሪ ላይ በሰከንድ 343 ሜትር የሚሄድ ድምፅ 0 ዲግሪ ላይም 331 ይሄዳል፤ በዚህች ልዩነት ብዕር ዘገየ አይባልም። የሚዘገየው ቀለሙ ነው። ሲበርደው ይወፍርና በስንጥቁ መውረድ ያቅተዋል። ማሚቶው ደግሞ ቀለም ወረደ አልወረደ ብሎ አይጠብቅም፤ መቃው በባዶው ይሮጥና የዓረፍተ ነገሩ መሃል ባዶ ሆኖ ይቀራል። መፍትሔው ገደል መቀየር ሳይሆን ጥቂት ጠብታ ለብ ያለ ውሃ ነው። ቀለሙን ራሳችሁ ከበጠበጣችሁ ሁለት እጅ ጥላሸት በአንድ እጅ የግራር ሙጫ ጥሩ ይሄዳል። ሙጫው ሲያንስ ጽሕፈቱ ደርቆም በጣት ይጠረጋል፤ ሲበዛ ያብረቀርቅና ብራናው ሲታጠፍ ይሰነጠቃል። ጥላሸት ስለሚዘቅጥ ከመጀመራችሁ በፊት አማስሉት።

መቃው ቀለም ሲጠጣ ይለሰልሳል፣ ጫፉም ይሰፋል። በእጁ የሚጽፍ ሰው ይህን ሳያውቀው እያላላ ያስተካክለዋል፤ ማሚቶ ግን ግፊት መቀነስ አያውቅም። ስለዚህ በየሁለት ሦስት ገጹ ጫፉን ማየት፣ ሲሰፋ በስለታም ቢላ መቅረጽ ያስፈልጋል። ስንጥቁ ከ1 ሳንቲሜትር ካለፈ ሁለቱ ከንፈሮች ተከፍተው ቀለም ያፈሳሉ። ስትቀርጹ ቆቡን ነቅላችሁ በጨርቅ ጠቅልሉት፤ አለዚያ የቢላው ድምፅ ይገባና ቀጣዩ መስመር «ቅርርርር» ብሎ ይጀምራል።

ሰሙ ላይ አትቆጥቡ። የንብ ሰም የሚቀልጠው 62 ዲግሪ አካባቢ ቢሆንም ከዚያ በጣም ቀድሞ ይለሰልሳል፤ ፀሐይ ያገኘው ብዕር ውታፉ ይላላል። ምልክቱ ማንም ሳይናገር የቆየ ቃል መጻፉ ነው። አሮጌውን ሰም ፍቆ በንጹሕ ሰም መድፈን ይበቃዋል። ሞራ የተቀላቀለበት ሰም ርካሽ ነው፤ ግን ቶሎ ይላላል፣ አይጥም ይጠራል።

ስለ ክፍሉ፦ ግድግዳው ራቁቱን የሆነ ጠባብ የድንጋይ ክፍል ፊደሉን ያደበዝዛል፤ ግድግዳው ከ17 ሜትር በላይ የሚርቅ አዳራሽ ደግሞ ቃሉን ለይቶ ሁለቴ ያስጽፋል፣ «ይድረስ ይድረስ» እያለ። ከተናጋሪው ፊት ለፊት ወፍራም ስጋጃ መስቀል ሁለቱንም ያስታግሳል። ሁለት ሰው እኩል ሲናገር ግን መላ የለውም፤ ጮክ ያለውን ይጽፋል።

አራት ነጥብም አትጠብቁ፤ ዝምታ ማሚቶ የለውም። ሰ እና ሠን ባለመለየቱ የሚያማርሩም አሉ፣ ድምፃቸው አንድ ሆኖ ሳለ ከየት ያምጣው? ለደብዳቤ ጸሐፊና ለገልባጭ ከልቤ አበረታታለሁ። ገጣሚ ግን ባይገዛው ይሻለዋል፤ ቤት በመታ ቁጥር የፊተኛውን ስንኝ መጨረሻ ቃል ኋለኛው ላይ ይደግምበታል።

ያገለገለ የሚገዛ ሰው ሻጩ ፊት «ፈረስ» ይበልበት። «ፈረ» ብሎ ከጻፈ ከሩቅ ገደል ነው። «ፈረስ» ብሎ ከጻፈ በኋላ ያልተባለ ቃል ከጨመረ ውታፉ ላልቷል፤ ዋጋ አስቀንሶ መውሰድ ይቻላል።