አዳማ የሚሸጠው ሕያው ወላፈን፦ ለእንጀራ ግዙት፣ ለቡና ተዉት

አዳማ መነኸሪያው አካባቢ በገንቦ ታሽጎ የሚሸጠው ወላፈን የሚገዛበት ምክንያት አንድ ነው፤ የምጣዱን መሀልና ዳር እኩል ያግላል። በኤሌክትሪክ ምጣድ ሽቦው የተቀበረበት መስመር ከሌላው ቀድሞ ይግላል፤ በእንጨት ደግሞ እሳቱ በተገፋበት በኩል ያደላል። ወላፈኑ ሕይወት ያለው ሙቀት ስለሆነ ቀዝቀዝ ያለውን ቦታ ራሱ እየፈለገ ይተኛበታል። ሊጡ ሲፈስ ወደ ቀዘቀዘው በኩል ወዲያው ይሳባል፤ እንጀራው እስከ ከንፈሩ ድረስ ዓይን የሚያወጣውም ለዚህ ነው።

ሱቁ ለጋና ጎልማሳ ለይቶ ይሸጣል። 60 ሳንቲ ሜትር ለሚሆን የቤት ምጣድ ለጋው ይበቃል፤ ጎልማሳው ለዳቦ ቤት ነው፣ ሰው ቤት ገብቶ ጥቅም የለውም። ከመክፈላችሁ በፊት ገንቦውን አስከፍቱና እጃችሁን ከአፉ አንድ ስንዝር ከፍ አድርጋችሁ ያዙ። ሙቀቱ ከፍ ዝቅ ማለት አለበት፣ እንደተኛ ሰው ትንፋሽ። ሳይዋዥቅ ዝም ብሎ የሚሞቅ ከሆነ ውስጡ ያለው የጋለ ድንጋይ ነው፤ እስከ ማታ ይቀዘቅዛል። እዚህ ሱቅ ሳያንገራግሩ ይከፍቱላችኋል፤ ይህ ያስመሰግናቸዋል።

አተካከሉ ቀላል ቢሆንም ቸኩለው የሚያበላሹት ብዙ ናቸው። ምጣዱን በሦስት ጉልቻ ላይ አስቀምጡና ዙሪያውን በጭቃ ምረጉት፤ ፊትና ኋላ መዳፍ የሚያክሉ ሁለት ቀዳዳዎች ብቻ ይቅሩ። ጭቃው በደንብ ሳይደርቅ ወላፈን ማስገባት አይገባም፣ እርጥቡ ግድግዳ ላይ ተለጥፎ ወደ ምጣዱ አይወጣም። የገንቦውን አፍ ከፊተኛው ቀዳዳ ጋር አግጥማችሁ ክዳኑን አንሱ። መንፋትም ማራገብም አያስፈልግም፤ ቀዝቃዛው ሸክላ ይስበዋል። ምጣዱ አዲስ ከሆነ መጀመሪያ በተወቀጠ ጎመን ዘር አሟሹት።

ጋገራው እንደተለመደው ነው። ምጣዱን አስሳችሁ ሊጡን ከዳር ወደ መሀል አዙሩ፣ ዓይኑ ሲወጣ አክንባሎውን ድፉ፤ ከ2 እስከ 3 ደቂቃ ይበቃል። ዓይን ካላወጣ ወላፈኑ ገና አልተዘረጋም፣ ጠብቁት። ከ10 እንጀራ በኋላ ግን ይደክማል፤ ምልክቱ የእንጀራው መሀል እርጥብ ሆኖ መቅረቱ ነው። አክንባሎውን ደፍታችሁ ሩብ ሰዓት አሳርፉት። ሳያርፍ ከቀጠላችሁ ወደ ጉልቻው ወርዶ ይሸሸግና ሥራው ለዚያ ቀን ያበቃል።

ትልቁ ቅሬታ የሱቁ ምክር ላይ ነው። ሻጮቹ በየቀኑ አንድ ጣሳ ፍም አብሉት ይላሉ። ፍም ያወፍረዋል፤ የወፈረ ወላፈን ደግሞ ተዘርግቶ መተኛቱን ትቶ መሀል ላይ ይከመራል። መሀሉ በግለት ሲለጠጥ ዳሩ ገና ቀዝቃዛ ስለሆነ አብሮት አይለጠጥም፤ ሸክላው ከከንፈሩ ጀምሮ ይሰነጠቃል። የዚህ ሱቅ ዘር አዳማ አጠገብ ቦኩ ከሚባለው ቦታ፣ ከመሬት ከሚወጣው እንፋሎት የተያዘ ነው፤ ኑሮው በእንፋሎት ነው። ጠዋት ግማሽ ስኒ ውኃ በጣባ አድርጋችሁ ጉልቻው ሥር አኑሩለት፣ ጋግራችሁ ስትጨርሱ አንድ እፍኝ ረመጥ ጨምሩ። በቃ። ውኃውን በላዩ አትድፉ፤ ደንግጦ ሲበተን ሸክላውን ይዞት ይሄዳል።

ሌላው ነፋስ ነው። አዳማ አጠገብ 51 እና 153 ሜጋ ዋት የሚያመነጩ ሁለት የነፋስ ጣቢያዎች የተተከሉት ነፋሱ አስተማማኝ ስለሆነ ነው፤ ለወላፈን ግን ይኸው ነፋስ መንገድ ይሆነዋል። የፊተኛው ቀዳዳ ነፋስ ከሚመጣበት ወገን ከዞረ በኋለኛው ወጥቶ ይሄዳል። ካመለጠ ሩቅ አይሆንም፤ ጧት ጧት ጤዛ ቀድሞ የሚደርቅበትን ቆርቆሮ ፈልጉ። እርጥብ ጆንያ ከሥሩ አንጥፉና የገንቦውን አፍ ክፍት አድርጋችሁ ተዉት፣ ሲመሽ ይገባል።

ሱቁ ምስር በ10 ደቂቃ ያበስላል ማለቱ ስህተት ነው። በአዳማ ከፍታ ውኃ የሚፈላው 95 ዲግሪ ገደማ ላይ ነው፤ ከሥሩ ያለው ሙቀት ሕያው ሆነም አልሆነ ክዳኑ የላላ ድስት ከዚያ በላይ አይግልም። ሽሮ ግን ያምርበታል፣ ሲንተከተክ ራሱ ዝቅ ይልለታል። ለቡና አይሆንም፦ ማንከሽከሻው ላይ ፍሬው ሲንቀሳቀስ ቀዝቃዛውን እያሳደደ ይዋልላል፣ አንዱ ፍሬ ሲያር ሌላው ጥሬ ይቀራል።

ዋጋው ከደህና ኤሌክትሪክ ምጣድ ጋር ይቀራረባል። ዋስትናው አንድ ወር ነው፤ የሚሸፍነው የወላፈኑን መሞት እንጂ ማምለጡን አይደለም። ገንቦውን አትጣሉት፣ ያለ ገንቦው አይቀይሩላችሁም።