በጣና ላይ በታንኳ ተሽቀዳደምን

ወንድሜ የሚኖረው ሚኒሶታ ነው። እዚያ ብርዱ ሲከር ሐይቁ ድንጋይ ይሆናል፤ እሱም የበረዶ ጀልባ ይነዳል። ቪዲዮውን ስንት ጊዜ እንዳየሁት! ጀልባዋ የቆመችው በሦስት ስለታም ብረቶች ላይ ነው። መጀመሪያ እየሮጠ ይገፋታል፣ ከዚያ ዘሎ ይገባና በጀርባው ይጋደማል። ሸራዋ ንፋስ ሲይዝ ንፋሱን ራሱን ታስከነዳዋለች፤ የንፋሱን ሦስት እጥፍና ከዚያም በላይ ትፈጥናለች። «ልብ የሚያጠፋው በረዶው እዚሁ ሥርሽ መሆኑ ነው» ይለኛል።

ጣና መቼም በረዶ አይሆንም። እኔ ግን ያንን ስሜት ፈልጌ ቅዳሜ ጠዋት 12 ሰዓት ተኩል ባሕር ዳር፣ ሐይቁ ዳር ወረድኩ። «ዘጌ! ዘጌ!» የሚሉትን የሞተር ጀልባዎች አልፌ ወደ ደንገል ታንኳዎቹ ሄድኩ። እኔ በአንዱ፣ የአክስቴ ልጅ በሌላው፤ ለአንድ ሰዓት በታንኳ 300 ብር ተስማማን።

በሞተር ጀልባ ስትሄዱ ከውሃው በላይ ናችሁ። ታንኳ ላይ ግን የምትቀመጡት በታሰረ ደንገል ላይ ነው። ውሃው በመሃሉ እየሰረገ ልብሳችሁን ያርሰዋል። ቅያሪ ያዙ።

«አባባ፣ እንቅደማቸው!» አልኳቸው።

«ቀጥ ብለሽ ተቀመጭ እንጂ ልጄ» አሉኝና መቅዘፊያውን ግራ ቀኝ ያፈጥኑት ጀመር። ታንኳዋ ሾለክ አለች። ውሃው ክንዴ ሥር ሲሸሽ ጮህኩ። በእግሩ ከሚሮጥ ልጅ አንፈጥንም ነበር፤ እኔ ግን የበረርኩ ነው የመሰለኝ። በአንድ ታንኳ ርዝመት ቀደምናቸው! ወደ ዓባይ መውጫ ስንቃረብ አባባ «ከዚህ ወዲያ ጉማሬ አለ» ብለው መለሱን። ጥንቃቄያቸውን ወደድኩት።

ያዘንኩት በሕይወት ጃኬቱ ነው። ለሁለታችን የነበረው አንድ ብቻ፣ እሱም ማሰሪያው የተበጠሰ። ወንድሜ በረዶው ቢከዳው እየቧጠጠ የሚወጣባቸውን ሁለት ሹል ብረቶች አንገቱ ላይ ሳያንጠለጥል ሐይቅ ላይ አይወጣም። እዚህም እንደዚያ መሆን አለበት። አከራዮቹ እባካችሁ ደህና ጃኬት ግዙ።

የምትሄዱ ከሆነ በጠዋት ሂዱ፤ ከሰዓት በኋላ ንፋስ ይነሳል፣ ማዕበሉም ለታንኳ አይሆንም። ስንወርድ ታንኳዎቹን ወዲያው አውጥተው ለፀሐይ አቆሟቸው። ደንገል ውሃ ከጠጣ ይከብዳል፣ ካልደረቀም ቶሎ ይበሰብሳል።

ወንድሜ እዚያ በረዶው ሲቀልጥ፣ ለፋሲካ ይመጣል። አባባን ከአሁኑ አነጋግሬያቸዋለሁ።