ለባሌ ተራሮች አስጎብኚያችን ምስጋና፣ በቡድን ለምትጓዙም ጥቆማ

ከመሥሪያ ቤት ባልደረቦችና ከቤተሰቦቻቸው ጋር ሠላሳ ያህል ሆነን በባሌ ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ በእግር ተጉዘን በሰላም ተመልሰናል። አስተባባሪው እኔ ስለነበርኩ ብዙ ሰው እያመሰገነኝ ነው፤ ምስጋናው የሚገባው ግን ከፓርኩ ዋና ጽሕፈት ቤት መገኛ ከዲንሾ ተነሥተው እስከ ሳነቴ አምባ ለመሩን አስጎብኚ ነው።

ያን ያህል ሰው ዱር ውስጥ ሲገባ ፈጣኑ ይሮጣል፣ የደከመው ይቀራል፣ መሃል ያለው ማንን እንደሚከተል ግራ ይገባዋል። እሳቸው ገና ሳንነሣ በአራት ቡድን ከፈሉን፤ ለእያንዳንዱም ከፊት መሪ፣ ከኋላ ደጀን ሾሙ። መንገድ በተከፈለ፣ ወንዝ በተሻገርን ቁጥር ደጀኑ ደርሶ «ሙሉ ነን» ሳይል ማንም እግሩን አያነሣም። በቁጥር ብቻም አልረኩም፤ እያንዳንዱ ሰው ከኋላው ያለውን በስሙ እንዲጠራ ያደርጉ ነበር። ጭጋግ ወርዶ የዌብን ሸለቆ በሸፈነበት ጠዋት የፊተኛው ሰው ጀርባ እንኳ አይታይም ነበር፤ ስማችንን እየተቀባበልን አለፍነው።

ከሁሉም በላይ የማመሰግናቸው ግን ስለ አንድ ወጣት ባልደረባችን ነው። ዲንሾ ራሱ ከ3,000 ሜትር በላይ ነው፤ ሳነቴ ደግሞ 4,000 ያልፋል። ዳገቱን እየወጣን ሳለ ልጁን ራሱን ያመው ጀምሯል፤ እኛ ልብ አላልንም። እሳቸው ግን ምሳውን ሳይነካ መመለሱን አይተው አጠገቡ ተቀመጡ፤ የጫማውን ማሰሪያ ማሰር እንኳ እንዳቃተው ተመለከቱ። «እችላለሁ» አለ። ጓደኞቹም ቦርሳውን እንይዝለታለን ብለው ተነሡ። «ልጄ፣ የከበደህ ቦርሳው አይደለም፣ ከፍታው ነው። መድኃኒቱ መውረድ ነው» አሉት፤ ያን ጊዜውኑ በፈረስ አስቀምጠው ከረዳታቸው ጋር ቁልቁል ላኩት። ክርክሩ አልጣመንም፤ ጥቂት ሰዎች ተቆጡም። በማግሥቱ ራስ ምታቱ እንደለቀቀውና ደህና እራት እንደበላ ሰማን። ቡድኑ ሲበዛ ረዳት አስጎብኚ ጨምሩ ሲሉን ወጪ ማብዛት መስሎን ነበር፤ ያለ ረዳቱ ያን ቀን ወይ ሁላችንም እንመለስ ነበር፣ ወይ ልጁ ከፍታው ላይ ይቆይ ነበር።

ለአገሩ ያላቸው ፍቅርም ልዩ ነው። ስንነሣ የአንዱ ፈረስ ጫኝ ውሻ ተከትሎን ነበር፤ ወደ መንደር እስኪመለስ ድረስ ሠላሳውን ሰው አቁመው ጠበቁ። የቀሩት ቀይ ቀበሮዎች ከ500 እንደማይበልጡ፣ ከግማሽ በላይ የሚሆኑት ባሌ እንደሚኖሩ፣ የእብድ ውሻ በሽታም ከውሾች እየተሻገረ በተደጋጋሚ እንደፈጃቸው በዚያው ነገሩን። ቀበሮዎቹ በሚያድኑበት ሜዳ ላይ በአንድነት አላሳለፉንም፤ ቡድን በቡድን፣ ያለ ድምፅ ወሰዱን። አንዱ ቀበሮ በፍልፈል ጉድጓድ አፍ ላይ ጆሮውን ቀስሮ፣ በደረቱ ተለጥፎ ሲጠብቅ ልጆቹ ትንፋሻቸውን ዋጥ አድርገው አዩት። ፊንጫ ሀበራ ዋሻ ላይም ከ30,000 ዓመት በፊት የነበሩ ሰዎች ይህንኑ የባሌ ፍልፈል እየጠበሱ ይበሉ እንደነበር ሲተርኩላቸው ማንም መነሣት አልፈለገም።

ለማብሰያ የተራራውን ቁጥቋጦ አስታን አላስቆረጡም፣ ምድጃና ጋዝ ተጭኖ ነበር። መጸዳጃው ከውኃ ርቆ ተቆፈረ፤ ቆሻሻችን ሁሉ በጆንያ ተመለሰ። የፈረስ ጫኞቹንም ክፍያ በየእጃቸው፣ በፊታችን ቆጥረው ሰጡ፤ ይህን ሳላነሣ ማለፍ አልፈልግም።

ፈጣሪ ዕድሜና ጤና ይስጥልን። ስልካቸውን ያለ ፈቃዳቸው እዚህ ማውጣት ስለማልወድ፣ በቡድን ለመሄድ ያሰባችሁ በውስጥ መስመር ጻፉልኝ፤ አስፈቅጄ አገናኛችኋለሁ። ዝናቡ ካባራ በኋላ ያሉት የኅዳርና የታኅሣሥ ወራት ለእግር ጉዞ ይመቻሉ፤ ሌሊቱ ግን ውርጭ ነው፣ ወፍራም የመኝታ ከረጢት ያዙ። ከሃያ በላይ ከሆናችሁ ደግሞ ቀደም ብላችሁ ንገሯቸው፤ ፈረሶቹ ከየመንደሩ የሚሰባሰቡ ስለሆነ ጊዜ ይፈልጋሉ።